ለሐሙስ ውኃችን ባለቤት፣ ለክቡር ዶክተር ራድሚል

ለክቡር ዶክተር ራድሚል ዞርኖቪች
የመንግሥታት አማካሪ፣ የነጻ ገበያ ተንታኝ፣ እንዲሁም በሮቢ ወንዝ የታችኛው ቦይ የሐሙስ ከሰዓት ውኃ ሕጋዊ ባለቤት
ባልካን፣ ካሉበት ከተማ

ክቡር ሆይ፤

የአክብሮት ሰላምታዬ የደብረ ሲናን ዳገት ወጥቶ፣ ባሕሩንም ተሻግሮ ከጽሕፈት ጠረጴዛዎ ድረስ ይድረስልኝ። ጤናዎስ እንዴት ነው? ለወግ ያህል የምጠይቅ እንዳይመስልዎ፤ በሸዋ ሮቢት ቆላ የእርስዎን ጤና ያህል በየሳምንቱ የሚታሰብ ጤና የለም። የውኃ ባለቤትነት የምስክር ወረቀትዎ «ለወራሽ የሚተላለፍ» ስለሚል፣ አንድ ነገር ቢሆኑብን ፊርማ የምንለምነው ከእርስዎ ከአንድ ሰው መሆኑ ቀርቶ ስማቸውን እንኳ አጥርተን መጥራት ከማንችላቸው ልጆችዎ ይሆናል። ስለዚህ ክርስቲያኑም ሙስሊሙም ዕድሜ ይስጥልን እያለ ነው፤ ቢያንስ እስከ መጋቢት አጋማሽ።

እኔን ምናልባት አያስታውሱኝ ይሆናል። በኅዳር ወር 1997 ዓ.ም. የለጋሾቹ የመስኖ ፕሮጀክት ለአምስት ቀን ወደ እኛ ሲያመጣዎ ከጎንዎ ቆሜ ንግግርዎን የተረጎምኩት የእንግሊዝኛ መምህሩ ዘውዴ ገብረሚካኤል ነኝ። አሁን ጡረታ ወጥቻለሁ። ስለዚያ ጉብኝት በጻፉት ጽሑፍ ውስጥ «አንድ ቀጭን የአካባቢው ሰው» ብለው የጠቀሱት እኔን ስለመሰለኝ ለታሪክ ስላበቁኝ አመሰግናለሁ፤ ከዚያ ወዲህ ግን ትንሽ ወፍሬያለሁ።

ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ ነውና፣ እርስዎ የሚያውቁትን ለማያውቅ አንባቢ ባጭሩ ላስረዳ። የታችኛው ቦይ ከሮቢ ወንዝ ተጠልፎ የስድሳ አራት ገበሬዎችን ሽንኩርትና ማሾ ያጠጣል። ውኃው በተራ ነው። ተራውን የሚደለድሉት በሰው ሁሉ የተመረጡት የውኃ አባት፣ ሼህ ኸድር ናቸው። ዓርብ ሙስሊሙ ወደ ጁምዓ ስለሚሄድ ተራው ለክርስቲያን ይሰጣል፤ እሑድ ክርስቲያኑ ስለሚያከብር ለሙስሊም ይሰጣል፤ የታመመ ተራውን ያበድራል፤ ያዘነ ሰው ማሳው በጎረቤት እጅ ይጠጣል። በዓመት ሁለት ጊዜ፣ ክረምቱ ሲወጣና በመጋቢት፣ ባለተራው ሁሉ አካፋ ይዞ ወጥቶ ከድርሻው ላይ ደለል ይጠርጋል። አያቶቻችን ያቆዩልን ይኸው ነው። እርስዎ ሳይመጡ በፊት ይህ አሠራር ኋላ ቀር መሆኑን አናውቅም ነበር።

አሁን ምስጋናዎቼንና አቤቱታዎቼን እንደ ደንቡ በቁጥር አቀርባለሁ።

አንደኛ፤ ስለ ሕይወት ታሪክዎ። ባለፈው ዓመት አዲስ አበባ የምትማረው የወንድሜ ልጅ ሊያ ስለ እርስዎ የተጻፈውን ሁሉ ከኢንተርኔት አትማ አመጣችልኝ፤ እኔም መነጽሬን ጠርጌ ሦስት ቀን ሙሉ አነበብኩ። በወጣትነትዎ መንግሥት ዳቦውንም ጫማውንም በአምስት ዓመት ዕቅድ ቢያመርት ሕዝብ እንደሚጠግብ የሚያስረዳ ወፍራም መጽሐፍ ጽፈው ተሸለሙ። ዕቅዱ ሲፈርስ ደግሞ ለምን መፍረስ እንደነበረበት የሚያስረዳ ከዚያ የወፈረ መጽሐፍ ጽፈው እንደገና ተሸለሙ፤ የጀርባው ፎቶግራፍ ያው ነው። ከዚያ አንድ ጠቅላይ ሚኒስትር አማከሩ፤ ሚኒስትሩ ሲወድቁ የጣሏቸውን አማከሩ፤ እነዚህም ሲወድቁ ሁለቱንም የሚሰድብ ዓምድ በጋዜጣ ከፈቱ። አገርዎ ስሟን ሦስት ጊዜ ስትቀይር እርስዎ አቋምዎን አራት ጊዜ በመቀየር ቀደሟት። በዚህ የምንታዘብዎ እንዳይመስልዎ። እኛም አገር በደርግ ጊዜ እርሻችንን ለአምራቾች ማኅበር እንድናስረክብ ያስተማሩን ሰው ዛሬ ስለ ገበያ መር ኢኮኖሚ በዚያው አዳራሽ ያስተምሩናል፤ የሚቀስሩት ጣትም ያው ነው። እንዲያውም መጀመሪያ ሲናገሩ ስሰማዎ የአገሬን ሰው ያገኘሁ መስሎኝ ነበር።

ሁለተኛ፤ ስለ ትምህርትዎ። በቦዩ አናት ላይ ካለው ሾላ ሥር አስቀምጠውን ውኃ ዋጋ ካልወጣለት እንደሚባክን፣ ተራውም በጨረታ ቢሸጥ ይበልጥ ለሚጠቀምበት ሰው እንደሚደርስ ለሁለት ሰዓት አስረዱን። ሙቀቱ እያስቸገረዎ በባርኔጣዎ እያራገቡ ስለደከሙልን አሁንም ሳስበው ይከብደኛል። ሲጨርሱ ሼህ ኸድር ተነሥተው አንድ ጥያቄ ጠየቁ። እኔም ወደ እርስዎ ዞሬ፣ ሽማግሌው በሐሳብዎ ጥልቀት እጅግ መገረማቸውን ነገርኩዎ፤ እርስዎም እጅዎን ደረትዎ ላይ አድርገው እጅ ነሡ። ከስድስት ዓመት በኋላ የትርጉም ስሕተቴን ላርም። ሼህ ኸድር ያሉት «ዘውዴ፣ እስቲ ጠይቅልኝ፤ ውኃው ለከፈለ ከሆነ፣ ቦዩ ጫፍ ላይ ያለችው ሽንኩርት በምን አፏ ትክፈል?» ነበር። ሩቅ አገር ተጉዞ የመጣን እንግዳ በሰው ፊት ማፋጠጥ ነውር መስሎኝ ዋጥኩት። ሼሁ እንግሊዝኛ ባይሰሙም እጅ ሲነሡ ባዩ ጊዜ ምን እንዳደረግኩ ገብቷቸው ረዘም አድርገው አዩኝ። ያ አስተያየት እስከ ዛሬ አልለቀቀኝም፤ ይህን ደብዳቤ ካስጻፈኝም አንዱ እርሱ ነው።

ሦስተኛ፤ ስለ ጨረታው። «የሮቢት ተአምር» በሚለው ዝነኛ ጽሑፍዎ፣ ስድሳ አራት ገበሬዎች ያለ አንዳች ጠብ፣ ያለ ፖሊስ፣ በአርባ ደቂቃ ውስጥ የውኃ ተራቸውን እንደተጫረቱና ገበያው ያለ ማንም መሪነት ፍጹሙን ዋጋ አንድ ብር ብሎ እንዳገኘው ጽፈዋል። ይህንኑ ታሪክ በአሥራ አንድ አገሮች ዋና ከተሞች እንደተናገሩትም ሊያ ቆጥራልኛለች። ክቡር ዶክተር፣ ይቅርታዎን እየለመንኩ ልንገርዎ፤ ገበያውን የመራነው እኛ ነን። በዋዜማው መስጊዱ ጓሮ ተሰብስበን ተማከርን። የጎረቤትን ውኃ መጫረት የጎረቤትን ሚስት ከመጠየቅ አይተናነስም፤ ጨረታው እንዳይካሄድ ማድረግም እንግዳውን ያሳፍራል፣ ያመጧቸውን ኃላፊዎችም ያስቀጣል። ስለዚህ እያንዳንዱ በየራሱ ተራ ላይ ብቻ እጁን እንዲያወጣ፣ አንድ ብር እንዲል፣ ሌላው ሁሉ መሬት መሬቱን እንዲያይ ተስማማን። እርስዎ ከወንበርዎ ሆነው ያዩት ጸጥታ ይሉኝታ ይባላል። በመጻሕፍትዎ ውስጥ ፈልጌ አጣሁት፤ ለወደፊቱ ቢያስገቡት ጥሩ ነው።

በስድሳ አራቱ ብር ላይ ጎደሎውን አዋጥተን የመሸኛዎን ሥጋ ገዛንበት። በእኛ አገር ክርስቲያኑ የሙስሊሙን፣ ሙስሊሙም የክርስቲያኑን እርድ ስለማይበላ ሁለት ፍየል ታረደ፤ ሁለት ሳሕንም ቀረበ። እኛ በየወገናችን ስንቀመጥ እርስዎ ከሁለቱም ሳሕን እየተመላለሱ በሉ። ያን ጊዜ የእንግድነት ነገር ነው ብለን አለፍነው፤ የሕይወት ታሪክዎን ካነበብኩ በኋላ ግን የሥራ ልምድ መሆኑ ገባኝ። ስንመለስ ሼህ ኸድር «ወላሂ ዘውዴ፣ እንግዳውን አከበርነው ወይስ አታለልነው?» ሲሉ ጠየቁኝ። ሁለቱንም አልኳቸው። እርሳቸውም አላህ ይቅር ይበለን አሉ።

አራተኛውን ቁጥር ዘልዬዋለሁ። ስለ ውኃ ጨረታው ጽፈው በተዉልን መመሪያ ውስጥ ከምዕራፍ ሦስት ቀጥሎ የሚመጣው ምዕራፍ አምስት በመሆኑ የአማካሪዎች ልማድ መስሎኝ ነው።

አምስተኛ፤ ስለ ምስክር ወረቀቱ። ጨረታው ሊጀመር ሲል፣ ገበሬው እንዴት እጁን እንደሚያወጣ ለማሳየት እርስዎ ራስዎ አንድ ተራ ለናሙና ለመጫረት እንደሚፈልጉ ነገሩን። ማን ተራውን ያውስ ሲባል ሰው ሁሉ ተፋጠጠ። ያን ጊዜ ሙሀባ ተነሣች። ሙሀባ ባሏ የሞተባት፣ ከቦዩ መጨረሻ ግማሽ ጥማድ የምታርስ፣ ሐሙስ ከዘጠኝ ሰዓት እስከ መግሪብ ተራ ያላት ሴት ናት። «እንግዳ አይደሉም እንዴ! ለዛሬ የኔን ይያዙት፤ ውኃ እንደሆን ይዘውት አይሄዱ!» አለች፤ ሰውም ሳቀ። ይህን ሳቅ በጽሑፍዎ «የደስታ ስሜት» ብለውታል፤ እውነት ነው። እርስዎ እጅዎን አወጡ፣ አንድ ብር አሉ፣ አሸነፉ፤ ሙሀባም ከማንም አብልጣ አጨበጨበች።

ከዚህ በኋላ ያለውን እርስዎም እኛም ልብ አላልነውም። የሌሎቻችን ጨረታ ለአንድ ዓመት ብቻ በመዝገብ ሲጻፍ፣ የእርስዎ ግን ለፎቶግራፍ እንዲያምር በወፍራም ወረቀት ታተመ፤ ፕሮጀክቱ ከአዲስ አበባ ያመጣው ቅጽ ላይ «በዘላቂነት፣ ለወራሽ የሚተላለፍ፣ ከባለቤቱ የጽሑፍ ፈቃድ በቀር ማንም የማይነካው» የሚል ስለነበረበት እንዳለ ተሞላ፤ ማኅተምም ተመታበት። አንዱን ቅጂ በሻንጣዎ ይዘው ሄዱ። በመስታወት ውስጥ አድርገው ከጠረጴዛዎ በላይ እንደሰቀሉት በጋዜጣ ዓምድዎ ላይ ጽፈዋል። ሌላው ቅጂ እዚህ መዝገብ ቤት ቀረ። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይባላል፤ ሞኞቹ እኛ መሆናችንን ለመቀበል ዝግጁ ነኝ።

ስድስተኛ፤ ስለ ዝናዎ ፍሬ። እርስዎ ከሄዱ በኋላ ነገሩ ሁሉ ወደ ቀድሞው ተመለሰ። በየዓመቱ በኅዳር ወር አንድ አንድ ብር እንላለን፣ ሻይ እንጠጣበታለን፣ ሼህ ኸድርም ተራውን እንደ ድሮው ይደለድላሉ። ሙሀባም በሐሙሷ ሽንኩርቷን ታጠጣለች። ባለፈው ዓመት ግን ጽሑፍዎን ያነበቡ አንድ ባለሀብት ሐብሐብ ሊያለሙ መጡ፤ የጽሑፍዎን ቅጂ በፕላስቲክ አስለብሰው ይዘውት ነበር። ከቦዩ ጫፍ ያለው መሬት ተስማማቸው፤ የውኃ ባለቤት ማን እንደሆነ በወረቀት ይረጋገጥልኝ ሲሉም የወረዳውን የውኃ ጽሕፈት ቤት ጠየቁ። መዝገብ ሲገለጥ በቦዩ ሙሉ ዘላቂ ወረቀት ያለው አንድ ሰው ብቻ ተገኘ፤ እርሱም እርስዎ ነዎት። ኃላፊው ሕግ አክባሪ ሰው ስለሆኑ፣ የሰው ንብረት ያለ ፈቃድ እንዳይነካ ብለው ሐሙስ ከሰዓት ውኃውን ወደ ሙሀባ ማሳ የሚለቀውን የብረት መዝጊያ በቁልፍ ዘጉት። ባለሀብቱም ተራውን እንዲሸጡላቸው ደብዳቤ ሳይጽፉልዎ አልቀሩም።

ክቡር ዶክተር፣ በአርባ ዓመት የአማካሪነት ሕይወትዎ ንብረት ይከበር ሲሉ ኖረዋል። ይኸው እኛ አከበርንልዎ። የጃንሆይ ዘመን ባላባት አዲስ አበባ ተቀምጦ ነበር ከቆላው የሚበላው፤ እርስዎ ግን ባልካን ተቀምጠው የሮቢን ውኃ በመያዝዎ በወረዳችን ታሪክ እጅግ ሩቁ ባለርስት ሆነዋል። ሐሙስ ሐሙስ ከዘጠኝ ሰዓት ጀምሮ ውኃዎ ማንም ሳይነካው በተዘጋው በር ፊት ይተኛል፣ ጥቂት ይሽከረከራል፣ ከዚያም ወደ ወንዙ ተመልሶ ወደ አዋሽ ይወርዳል። ውኃ ዋጋ ካልወጣለት ይባክናል ብለውን ነበር፤ ዋጋ የወጣለትም እንዴት እንደሚባክን ስላሳዩን ምስጋናችን ወሰን የለውም።

ቁጥሩን እዚህ ላይ ልተወው፤ የሚቀጥለው በቁጥር የሚባል አይደለም።

ሙሀባ ከጥር ወር መጀመሪያ ጀምሮ ተራዋን አጥታለች። በታኅሣሥ የተተከለ ሽንኩርት አሁን ነው የሚቋጥረው፤ አሁን ያልጠጣ ቅጠል ብቻ ሆኖ ይቀራል። ጎረቤቶቿ ዝም አላሉም። በዚህ ወር በሚገርም ሁኔታ የብርሃኔም፣ የንጉሤም፣ የሼህ ኸድርም መደብ ጠርዙ ወደ እርሷ ማሳ በኩል እየተናደ ውኃ ያፈሳል፤ ኃላፊው ሲጠይቁም አይጥ ነው የቦረቦረው ይባላሉ። ይሁን እንጂ ጫፍ ላይ የሚደርሰው ትንሽ ነው። ከስምንቱ መደቧ አራቱ ቢጫ ሆነዋል። እስከ መጋቢት አጋማሽ ካልዘነበላት ወይም ካልተከፈተላት መሬቷን ለባለሀብቱ ለአሥር ዓመት ልታከራይ ነው፤ ውሉን አንብቤ የተረጎምኩላት እኔ ነኝ። በዚህ ጊዜ አንድም ቃል አልዋጥኩም። ሰምታ ስትጨርስ «ጋሽ ዘውዴ፣ ውኃ ይዘው አይሄዱም ብዬ ሰው አሳቅሁ፤ ይዘውት ሄዱ አይደል?» አለችኝ። ስድስት ዓመት ሙሉ ስንቀልድበት የኖርነው ነገር መጨረሻው እዚህ መሆኑ ያሳፍረኛል። እርስዎን ብቻ ብወቅስ ውሸታም እሆናለሁ፤ ያን ቀን ከሾላው ሥር የሼሁን ጥያቄ እንደወረደ ነግሬዎ ቢሆን ኖሮ ምናልባት ተቆጥተው፣ ምናልባትም አስበውበት ይሄዱ ነበር።

የምንለምንዎ አንድ መስመር ነው። «የሐሙሱን ተራ ለሙሀባ መልሻለሁ» ብለው ይፈርሙልን። ለአሥራ አንድ አገሮች የጻፉ እጆች ለዚህ አይደክሙም ብለን እናምናለን። ባለፈው ወር ሁለት ደብዳቤ በአደራ ልከን መልስ አላገኘንም፤ በአገራችን ደንብም ስምዎን አንዴ በቦዩ አናት ላይ፣ አንዴ ደግሞ በገበያ ቀን በሰው መካከል ጮክ ብለን ጠርተንዎታል። የስምዎ አጠራር ትንሽ ቢያስቸግረንም፣ ሼህ ኸድር ሁለተኛው ላይ አሳምረውታል።

በፍየል ሥጋችንም፣ በይሉኝታችንም፣ በውኃችንም ላይ ላሳዩት ያልተቋረጠ ፍቅር ደግሜ እያመሰገንኩ፣ ብዕርዎ እንዲሰላ፣ ዓምድዎም እንዲሰፋ፣ የሚያማክሯቸው ሁሉ ቢወድቁ እንኳ እርስዎ ሁልጊዜ ቆመው እንዲገኙ ከልቤ የምመኝ፣

ታዛዥ አስተርጓሚዎና የቦይ ጎረቤትዎ፣
ዘውዴ ገብረሚካኤል
ሸዋ ሮቢት፣ የካቲት 21 ቀን 2003 ዓ.ም.

ማስታወሻ፦ በመመሪያዎ የመጨረሻ አንቀጽ ላይ «ይህ መመሪያ ባልሸፈነው ጉዳይ የአካባቢው ልማድ ይሠራል» የሚል ዐረፍተ ነገር አለ። ለጋሾቹ ባህል ሲከበር ደስ ስለሚላቸው ያስገቡት እንደነበር ያን ጊዜ ነግረውኛል። መመሪያዎ ስለ ቦይ ጠረጋ አንድም ቃል አልተነፈሰም። ልማዳችን ግን ይናገራል፤ ሦስት ጠረጋ የቀረ ባለተራ፣ ሦስት ጊዜ በስሙ በይፋ ተጠርቶ ካልመጣ፣ ተራው ድርሻውን ለጠረገለት ሰው ይሰጣል። እርስዎ እስከ ዛሬ አሥራ ሁለት ጠረጋ ቀርተዋል። ኃላፊውም ይህን ስናስረዳቸው፣ ሦስተኛው ጥሪ በወረቀት ከመጣልኝ ቁልፉን እሰጣለሁ ብለዋል፤ ሦስተኛው ጥሪ ይህ ደብዳቤ ነው፤ በጋዜጣ እንደወጣ ተቆርጦ ከመዝገብዎ ጋር ይያያዛል። የሚቀጥለው ጠረጋ ማክሰኞ መጋቢት 6 ቀን በማለዳ ነው። ቢመጡልን ደስታችን ነው፤ ባይመጡልን ደግሞ ሐሙስ መጋቢት 8 ቀን በዘጠኝ ሰዓት በሩ ይከፈታል። አካፋ ከዚያ ድረስ አይሸከሙ፤ ሙሀባ የራሷን ታውስዎታለች። አሥራ ሁለቱንም ጊዜ የእርስዎን ድርሻ የጠረገችበት ስለሆነ እጀታው ለእጅዎ ትንሽ ሊሻክርዎ ይችላል።